«ይቃዣል» ሲሉን



አዘጋጆቹ «ሃያ ደቂቃ አለሽ፤ ሐኪም ላልሆነውም የሚገባ ነገር ይሁን» ሲሉኝ ስለ እንቅልፍ ላውራ አልኳቸው። ከምሳ በፊት ስላስገቡኝ አመሰግናለሁ። ከምሳ በኋላ ቢሆን ኖሮ ርእሱን እናንተው በተግባር ታሳዩኝ ነበር።

የምሠራው ደብረ ማርቆስ ነው። ታካሚዎቼ ከከተማው ብቻ ሳይሆን ከጮቄ ግርጌ፣ ከስናን፣ ከማቻከል፣ ከአነደድም ይመጣሉ። በእነዚህ ዓመታት ደጋግሜ ከሰማኋቸው ቃላት አንዱ «ይቃዣል» የሚለው ነው። ቃሉን የሚናገረው ግን ራሱ ታማሚው አይደለም፤ አብሮት ያደረው ሰው ነው። ሚስት ናት፣ እናት ናት፣ ወንድም ነው፣ የዶርም ጓደኛ ነው። ታማሚው አብዛኛውን ጊዜ «እኔ ምንም አላውቅም፣ እነሱ ናቸው እንዲህ የሚሉኝ» ብሎ አንገቱን ይደፋል።

ዛሬ ልነግራችሁ የምፈልገው ይህ አንድ ቃል በጭራሽ የማይገናኙ ነገሮችን እንደሚሸፍን ነው። አንዱ ምንም ሕክምና አያስፈልገውም። ሌላው ሰው ይገድላል። ሌላው ደግሞ ከዓመታት በኋላ ስለሚመጣ በሽታ ዛሬ ይናገራል። ሁሉንም በአንድ ስልቻ ከተን «ቅዠት ነው» ወይም «ሰይጣን ነው» ስንል፣ መለየት የሚቻለውን ሳንለይ እናልፋለን። ለመለየት ደግሞ፣ እንደምታዩት፣ ብዙ መሣሪያ አያስፈልግም፤ አብሮ ያደረውን ሰው በደንብ መጠየቅ ነው።

መጀመሪያ የቆየውን ላንሳና ልለፈው። የመምህሮቻችን መምህራን ደጋ ላይ ሲሠሩ «ያተኩሰዋል፣ ይቃዣል» ከተባሉ ሐሳባቸው ቶሎ የሚሄደው ወደ ተስቦና ወደ ግርሻ ነበር፤ ሁለቱም በቅማል የሚተላለፉ፣ ክረምት ላይ ሰው በአንድ ጋቢ ሥር ተጠጋግቶ ሲያድር የሚስፋፉ ናቸው። ያ ቅዠት የእንቅልፍ አይደለም፤ መቀባዠር ነው፤ ሰውየው ቀንም ነቅቶ ይቀባዥራል። ቆላ ወርዶ ለሥራ ከርሞ የመጣ ከሆነ ደግሞ ወባ አለ። ስለዚህ የመጀመሪያው ጥያቄ አሁንም ያው ነው፤ ያተኩሰዋል ወይ? ቀንስ እንዴት ነው? ቀን ደህና ውሎ ሌሊት ብቻ ከሆነ ያኔ ወደ እንቅልፉ እንገባለን።

እንቅልፍ እንደ መብራት የሚጠፋና የሚበራ ነገር አይደለም። እ.ኤ.አ. በ1953 በቺካጎ ዩኒቨርሲቲ ዩጂን አሰሪንስኪ የተባለ ተማሪና መምህሩ ናታንየል ክላይትማን፣ በተኛ ሰው ላይ ዓይን ከቆቡ ሥር ወዲያ ወዲህ የሚሯሯጥበት ጊዜ እንዳለ፣ በዚያ ሰዓት የተቀሰቀሱትም ሰዎች በብዛት ሕልም ላይ እንደነበሩ አሳተሙ። ሐኪሞች ይህን ክፍል «ሬም» እንለዋለን፤ እኔ ዛሬ «የሕልም እንቅልፍ» እለዋለሁ። ሌላው ጥልቁ እንቅልፍ ነው። ሌሊቱን በሙሉ በ90 ደቂቃ ገደማ ዙር ይፈራረቃሉ፤ ግን እኩል አይካፈሉም። ጥልቁ በሌሊቱ የመጀመሪያ ሲሶ ላይ ይበዛል፤ የሕልሙ እንቅልፍ ደግሞ ወደ ንጋት እየረዘመ ይሄዳል።

ይቺን ብቻ ያወቀ ሰው ግማሹን ምርመራ ጨረሰ ማለት ነው። ገጠር ውስጥ ሌሊት ሰዓት የሚያይ ብዙ የለም። እኔ የምጠይቀው «ዶሮ ሳይጮህ ነው ወይስ ከጮኸ በኋላ?» ብዬ ነው። ይህን ጠይቄ መልስ ያጣሁበት ቀን ትዝ አይለኝም።

ዶሮ ሳይጮህ፣ ገና በመጀመሪያው እንቅልፍ ላይ ከሆነና ታማሚው ልጅ ከሆነ፣ ነገሩ አብዛኛውን ጊዜ ቀላል ነው። ልጁ ዓይኑን እንደገለጠ ይነሣል፣ ይሄዳል፤ ወይም ጩኸቱን ያቀልጠዋል፣ ያልበዋል፣ እናቱን እንኳ አያውቃትም። ጠዋት አንዳች አያስታውስም። የአንጎሉ አንዱ ክፍል ሲነቃ ሌላው ጥልቅ እንቅልፍ ላይ ቀርቶ ነው። ጥናቶች ተሰባስበው ሲታዩ፣ ከልጆች ከመቶ 5 ያህሉ በአንድ ዓመት ውስጥ ቢያንስ አንዴ በእንቅልፍ ልባቸው ይሄዳሉ፤ በአዋቂዎች ከመቶ 1.5 ገደማ ነው። በዘርም ይወርዳል። አንዱን አባት ስጠይቀው «እኔንስ በልጅነቴ ከበረት ውስጥ ከጥጆቹ ጋር አግኝተውኝ የለም እንዴ» ብሎ ሳቀ። ብዙዎቹን በጉርምስና ይተዋቸዋል።

ለእነዚህ መድኃኒት አልሰጥም፤ ስለ ቤቱ ነው የምጠይቀው። ቆጥ ላይ ነው የሚተኛው? አውርዱት። ምድጃው ውስጥ ፍም ተዳፍኖ ያድራል? መኝታውን አርቁት። በሩ ይቀረቀራል? በኅዳርና በታኅሣሥ ደጋ ላይ ውጭ ያደረ ልጅን ብርዱ ብቻውን ይጎዳዋል። የፍየል ቃጭል በሩ ላይ ያንጠለጠለች እናት አውቃለሁ፤ ከዚያ የተሻለ መሣሪያ ውጭ አገርም ያለ አይመስለኝም። አትምቱት፣ ውኃ አትድፉበት፤ ቀስ ብላችሁ እጁን ይዛችሁ ወደ መኝታው መልሱት።

ዱካክን ደግሞ ብዙዎቻችን እናውቀዋለን። እስኪ እጅ አውጡ ብል ከዚህ አዳራሽ ስንት እጅ ይወጣ ይሆን? ትነቃላችሁ፣ ክፍሉ ይታያችኋል፣ ጓደኛችሁ ሲያንኮራፋ ትሰማላችሁ፤ ጣት ማንቀሳቀስ ግን አልሆነም። ደረታችሁ ላይ አንድ ነገር ተጭኗል። በሩ አጠገብ የቆመ ሰው ያለ ይመስላል። ልትጮኹ ስትሉ ድምፅ የለም። እኛ ዱካክ ተጫነኝ እንላለን። ጃፓኖች «ካናሺባሪ» ይሉታል፤ በብረት መታሰር እንደማለት ነው። በካናዳዋ ኒውፋውንድላንድ ደግሞ ደረት ላይ የምትቀመጥ አሮጊት ናት። እንዲህ ተራርቀው የሚኖሩ ሕዝቦች አንድ ዓይነት ነገር ማውራታቸው ሰውነት ውስጥ ያለውን አንድ ሥርዓት ያሳያል። በሕልም እንቅልፍ ጊዜ አንጎል ከዓይንና ከመተንፈሻ በቀር ጡንቻዎቻችንን ያስራል፤ በሕልማችን ስንሮጥ እግራችን እንዳይሮጥ ነው። አንዳንዴ ንቃቱ ይቀድምና እስሩ ሳይፈታ ይቀራል፤ ለሰከንዶች፣ ቢበዛ ለጥቂት ደቂቃ።

እ.ኤ.አ. በ2011 የታተመ፣ 35 ጥናቶችን ያሰባሰበ ሥራ ከጠቅላላው ሕዝብ ከመቶ 7.6፣ ከተማሪዎች ግን ከመቶ 28.3 የሚሆነው ቢያንስ አንድ ጊዜ እንደደረሰበት ይናገራል። ተማሪዎች! ለምን እንደሆነ በዩኒቨርሲቲ ግቢ የኖረ ሰው አይጠፋውም። ለፈተና ሲያነቡ ማደር፣ ቀን መተኛት፣ ደክሞ በጀርባ መውደቅ፤ ዱካክ የሚወደው ይህን ነው። ዳዊቱን ከትራሱ ሥር ለሚያደርግ ተማሪ «ተው» ብዬ አላውቅም። በጎንህ ተኛ፣ ሰዓትህን ጠብቅ፣ ሲመጣም አንዲት ጣት ለማንቀሳቀስ ሞክር፣ አይገድልህም እለዋለሁ። «አይገድልህም» የምትለው ቃል ብቻዋን ብዙ ትሠራለች።

ጫት ቃሚዎችም ዱካክ የሚሉት አላቸው፤ ጫቱን ሲያቋርጡ የሚመጣው አስፈሪ ቅዠት ነው። አንዳንዱ ዱካኩ «ለምን አልቃምክም?» ብሎ የሚቀጣው ይመስለዋልና ተመልሶ ይቅማል። የሚያነቃቁ ነገሮች የሕልም እንቅልፍን አፍነው ይይዙታል፤ ሲቆሙ የታፈነው ሁሉ በአንዴ ይመጣል። አረቄም በዚህ ይመስለዋል። ነገር ግን ብዙ አረቄ ይጠጣ የነበረ ሰው ባቆመ በሁለተኛ፣ በሦስተኛ ቀኑ እየተንቀጠቀጠ፣ እያላበው፣ ቀንም የሌለ ነገር ማየት ከጀመረ ያ ዱካክ አይደለም። ሳይነጋ ሆስፒታል መድረስ አለበት፤ ሰው ይሞትበታል።

አሁን በጣም ወደሚያሳስበኝ ልምጣ። ከዓመታት በፊት ከጮቄ በኩል ባልና ሚስት መጡ፤ እንዳይታወቁ ዝርዝሩን ለውጬዋለሁ። እሳቸው ስድሳዎቹን ያጋመሱ ገበሬ ናቸው። ሁለት ሽማግሌዎች ተከትለዋቸዋል፤ ሽማግሌዎቹ የመጡት ለማስታመም ሳይሆን የፍቺ ነገር ይዘው ነው። የሚስትየዋ ዓይን አብጧል። ባልየው በጋብቻቸው ዘመን ሁሉ እጃቸውን አንሥተውባቸው አያውቁም፤ በሁለት ዓመት ውስጥ ግን ሌሊት ሌሊት ይመቷቸው ጀመር። የሚስትየዋ ወንድሞች ሰምተው ቂም ይዘዋል። ባልየው ያለቅሳሉ። «እኔ ጅብ ነው የመታሁት። በረቱን ጥሶ ጊደሯን ሊወስዳት ሲል እመታዋለሁ፤ ስነቃ እሷ ናት።»

ሚስትየዋን ለብቻቸው አድርጌ ጠየቅኳቸው። ይህ ለብቻ መጠየቅ ግዴታ ነው፤ ቀንም የሚማታ ባል ሌሊቱን «ተኝቼ ነበር» ሊል ይችላልና።

«እናቴ፣ ዶሮ ሳይጮህ ነው ወይስ ከጮኸ በኋላ?»

«ከጮኸ በኋላ ነው ልጄ፤ ሊነጋጋ ሲል።»

«ዓይናቸው ተገልጧል?»

«ተከድኗል። ስሙን ስጠራው ወዲያው ይነቃል፣ ይደነግጣል፣ ሕልሙን ይነግረኛል።» ከዚያ ድምፃቸውን ዝቅ አድርገው «ጠብመንጃውን ከጎተራው ሥር ደብቄዋለሁ፤ እሱ አያውቅም» አሉኝ።

እኔ ገና ምርመራውን ስጀምር እሳቸው ዋናውን ሕክምና ሠርተው ጨርሰዋል። በእኛ አገር ጠብመንጃ ከራስጌ ነው የሚያድረው፤ ምሳሩም፣ ዱላውም ቅርብ ነው። ሕልሙን በእጁ የሚሠራ ሰው አጠገብ ማለት ነው።

በሽታው የዱካክ ግልባጭ ነው። በዱካክ አእምሮ ነቅቶ ሰውነት ታስሯል፤ እዚህ አእምሮ ሕልም ላይ ሆኖ ሰውነት ተፈትቷል። ፈረንሳዊው ሚሼል ዡቬ ይህን አስቀድሞ በድመቶች ላይ አይቶታል፤ ከአንጎላቸው ግንድ ጡንቻን የሚያስረውን ቦታ ሲጎዳው ድመቶቹ ተኝተው እያሉ ያልተገኘች አይጥ ያድኑ ጀመር። በሰው ላይ በሽታው ራሱን ችሎ የተገለጸው እ.ኤ.አ. በ1986 ነው፤ በሚኒሶታ ካርሎስ ሼንክና ማርክ ማሆዋልድ ናቸው የገለጹት። ከመጀመሪያዎቹ ታካሚዎቻቸው አንዱ በሕልሙ የአሜሪካ እግር ኳስ ሲጫወት ከአልጋው ተወርውሮ ከቁም ሣጥን ጋር የተጋጨ አዛውንት ነበር። እዚያ ኳስ ነው፣ እኛ ጋ ጅብ ነው። በብዛት የሚያዙት ከ50 ዓመት በላይ የሆኑ ወንዶች ናቸው።

ከባዱ ነገር ከዚህ በኋላ ይመጣል። እ.ኤ.አ. በ2019 የታተመ፣ በ24 ማዕከላት 1,280 ታማሚዎችን የተከታተለ ጥናት፣ በ12 ዓመት ውስጥ ከመቶ 73.5 የሚሆኑት ፓርኪንሰን ወይም የመርሳት በሽታና መሰሎቻቸው እንደሚይዟቸው አስልቷል። ያንን የሚያስቀር መድኃኒት እስከ ዛሬ የለም። ባልየውን ስጠይቃቸው የቡና ሽታ ከጠፋባቸው ቆይቷል፣ ሆዳቸውም ይደርቃል። ሁለቱም ምልክቶች ናቸው።

ታዲያ ይነገራቸው ወይስ አይነገራቸው? እኔ «አባቴ፣ ይህ ነገር ወደፊት ስለሚያመጣው መስማት ይፈልጋሉ?» ብዬ ጠየቅኳቸው። «የሚመጣውን እግዜር ያውቃል። እኔ ዛሬ እሷን አልምታት እንጂ» አሉ። ስለዚህ ያን ቀን አልነገርኳቸውም፤ ካርዱ ላይ ጻፍኩ፣ በየስድስት ወሩ ቀጠርኳቸው። ግማሽ ሚሊግራም ክሎናዜፓም ማታ ማታ ሰጠኋቸው፤ ሜላቶኒን የተሻለ ነበር፣ ከተማው ውስጥ ግን አልተገኘም። ባልና ሚስት መደባቸውን ለዩ፣ ብረት ነገር ሁሉ ከቤት ወጣ። ከባልየው ፈቃድ ተቀብዬ ለሽማግሌዎቹ ነገሩ በሽታ እንጂ ጥቃት እንዳልሆነ አስረዳሁ። ለሚስትየዋ ወንድሞች ደግሞ በሽማግሌው ስልክ፣ ድምፁን ከፍ አድርገውት፣ ለግማሽ ሰዓት ተናገርኩ። በሕክምና ትምህርት ቤት ያልተማርኩት ዓይነት ሥራ ነው። ፍቺው ቀረ። በሁለተኛው ወር ሲመጡ «ጅቡ አሁንም ይመጣል፤ እኔ ግን አልነሣም» አሉኝ።

ከአራት ዓመት በኋላ ቀኝ እጃቸው ይንቀጠቀጥ ጀመር፤ ከበሬው ኋላ እርምጃቸው አጠረ። ያኔ ነገርኳቸው። «ያን ጊዜ ልትነግሪኝ የፈለግሽው ይህንን ነበር?» አሉ። አዎ አልኩ። «እንኳንም አልነገርሽኝ። አራት ዓመት በሰላም አረስኩ።» ሚስትየዋ ግን ከጎናቸው ሆነው «ለእኔ ብትነግሪኝ ደግ ነበር፤ መሬቱን ለልጆቹ እናስተካክል ነበር» አሉ። ባል ሳይፈቅዱ ለሚስት አይነገርም። እኔ አሁንም ለሚመጣ ታካሚ ያንኑ ጥያቄ ነው የምጠይቀው፤ አሁን ግን «ከቤተሰብዎ ማን እንዲሰማ ይፈልጋሉ?» የሚል ጨምሬበታለሁ። ከዚህ የተሻለ መንገድ ያለው መምህር እዚህ ካለ ብሰማው ደስ ይለኛል።

ለሐኪሞቹ በቅንፍ፤ አሚትሪፕቲሊንና ፍሎክሰቲን ይህንኑ ነገር ሊቀሰቅሱ ይችላሉ። በዕድሜ የገፋ ሰው አሚትሪፕቲሊን ጀምሮ መማታት ከጀመረ መጀመሪያ መድኃኒቱን ጠርጥሩ። የሚያንኮራፋና ትንፋሹ የሚቋረጥ አዛውንት ላይም ክሎናዜፓም ስትጽፉ ሁለት ጊዜ አስቡ።

የሚጥል በሽታም በ«ይቃዣል» ስም ይመጣል፤ ይህኛው ነው የሚገድለው። አንዲት የአሥራ አራት ዓመት ልጅ «ሌሊት ሰይጣን ያጎናታል» ተብላ መጣች። ወንድሟ በስልኩ ባትሪ አብርቶ ቀርጿታል፤ ሦስት ሌሊት፣ ሦስት ቪዲዮ። ሦስቱም አንድ ናቸው፤ ራሷ ወደ ግራ ይዞራል፣ ቀኝ ክንዷ ይገተራል፣ ድምፅ ታወጣለች፣ አንድ ደቂቃ ሳይሞላ ያልቃል። አንዳንዴ ምንጣፉ ይረጥባል፣ ጠዋት ምላሷን ያማታል። ሕልም በየሌሊቱ ይለያያል፤ የሚጥል በሽታ ግን ራሱን ይደግማል። በአንድ ሌሊት ደጋግሞ ይመጣል፣ ዶሮ ጮኸ አልጮኸም አይልም። የእንቅልፍ ላቦራቶሪ በሌለበት ከተማ የዚያ ልጅ ስልክ ላቦራቶሪዬ ነበር።

ፕሮፌሰር ረዳ ተክለሃይማኖትና ባልደረቦቻቸው በቡታጅራ አካባቢ ባደረጉት የታወቀ ጥናት ከሺህ ሰው 5.2 የሚሆነው የሚጥል በሽታ እንዳለበት አሳይተዋል። ርካሹ ፌኖባርቢታል ለብዙዎቹ ይሠራል። ችግሩ ጸበል ሲገቡ መድኃኒቱን ማቆማቸው ነው። ፌኖባርቢታል በድንገት ሲቆም የማያቋርጥ መንቀጥቀጥ ያመጣል፤ ሞትም አለበት። እኔ ጸበል አትሂዱ አልልም። አቡነ ጳውሎስ በዘመናቸው የኤች.አይ.ቪ ሕሙማን መድኃኒቱንና ጸበሉን አብረው እንዲወስዱ ተናግረዋል፤ እሱን አስታውሳቸዋለሁ። የልጅቱን የንስሐ አባት አስጠርቼ ስናወራ «ክኒኑን ማታ ትውሰድ፤ ጠዋት በባዶ ሆዷ ትጠመቅ፤ ምን ያጣላል?» አሉ። ከእኔ የአንድ ሰዓት ምክር የእሳቸው አንዲት ቃል በለጠች።

መድኃኒቶችን ካነሣሁ ኤፋቪሬንዝን መርሳት አይቻልም። ወደ ዶሉቴግራቪር እስክንዞር ድረስ ብዙ የኤች.አይ.ቪ ታካሚዎቻችን ማታ ውጠውት በዚያው ሌሊት በቀለም የተሞላ፣ እውነት የሚመስል ሕልም ያዩ ነበር። ሕልሙን እንደ ማስጠንቀቂያ ቆጥሮ ክኒኑን የተወ ሰው አውቃለሁ። ለደም ግፊት የምንሰጠው ፕሮፕራኖሎልም ቅዠት ያመጣል። ሲጽፉ ቀድሞ መንገር አንድ ደቂቃ ነው የሚወስደው።

በክልላችን ባለፉት ዓመታት ከሆነው የተነሣ ደግሞ የደረሰበትን ያንኑ ነገር በሕልሙ እያየ የሚነቃ ሰው በዝቶብኛል። ይኼኛው ሕልሙን ያስታውሳል፣ ሙሉ በሙሉ ይነቃል፣ ተመልሶ መተኛት ይፈራል፤ መሽቶ አልጋ ሲነጠፍ ጀምሮ ይጨንቀዋል። እሱን የእንቅልፍ ክኒን ሰጥቶ መሸኘት ሕክምና አይደለም። ቁጭ ብሎ መስማት ይፈልጋል፤ ሲቻል ወደ አእምሮ ሕክምና ባለሙያ መላክ ነው።

ለመምህሮቻችን አንድ ልመና አለኝ። ተማሪዎቻችን የበሽተኛ ታሪክ ሲወስዱ እንቅልፍ የሚባለው ብዙ ጊዜ «ደህና» ተብሎ በአንድ ቃል ይታለፋል። ሦስት ጥያቄ ይጨመርበት፤ አብሮት የሚያድረው ማን ነው፣ ነገሩ የሚሆነው ዶሮ ሳይጮህ ነው ከጮኸ በኋላ፣ ከመኝታው አጠገብስ ምን የጦር መሣሪያ አለ። ቅጹ ላይ ቦታ የለም የምትሉ ካላችሁ፣ ቅጹን ይዤዋለሁ፤ ከምሳ በኋላ ቦታውን አሳያችኋለሁ።